የታሌያ ክፍል

ኦስተርዚል፣ ኦክቶበር 9 ቀን 1983

ለተከበርሽው የአክስቴ ልጅ ለኦካ፣

ከባሕሩ ግድብ በስተጀርባ ያለነው ሁላችን፣ ውኃው በስፍራው እኛም በስፍራችን እንዳለን፣ ለእግዚአብሔር ምስጋና ይግባውና ደህና ነን። አንቺስ በዚያ በሙኒክ ከተማ፣ ከተራሮቹ ሥር፣ ጤናሽ እንዴት ነው? እጅሽ አይዛል፣ ዓይንሽ አይፍዘዝ፣ የያዝሽው ሥራ ሁሉ ይቅናሽ እያልኩ ሰላምታዬን አስቀድማለሁ።

«ሁላችን ደህና ነን» ያልኩት ለደብዳቤው ወግ ነው። እናትሽ ደህና አይደለችም። ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት እንደ ልማዴ ወተት ላደርስላት ወደ ወደቡ ብወርድ ወጥ ቤቷ ወለል ላይ ወድቃ አገኘኋት። ግራ ጎኗን መትቷታል። ዶክተር ኩፐርስ መጥቶ አያትና «እማማ ታሌያ፣ ሆስፒታል መግባት አለብዎ» ቢላት፣ በዚያ በተጣመመ አፏ «ሆስፒታል ሰው የሚሞትበት ቦታ ነው» አለችው። «እርስዎም እኮ ሰማንያ ሊሞላዎ ነው» አላት። «ታዲያ ለመሞት እስከ ኤምደን ምን ያስኬደኛል? እዚህም ይቻላል» አለችው። አፏ ነው እንጂ የተጣመመው ምላሷ አልተነካም።

ስለዚህ ወደ እኛ ቤት አመጣናት። ባለቤቴ ሜኖ ከጀልባው ሁለት ሰው ጠርቶ ከነአልጋዋ ተሸክመው የፊተኛው ክፍል አስገቧት። ይህን ክፍል አታውቂውም፤ አንቺ ከሄድሽ በኋላ ነው የቀጠልነው። እስካሁን እንግዳ ሲመጣ ብቻ ነበር የምንከፍተው፤ እንግዳም አይመጣም ነበር።

ሳልረሳው፣ ሳትታመም በፊት እኛ ዘንድ ተሰብስበን በቴሌቪዥን የፖሊስ ፊልም እያየን ስምሽ መጨረሻ ላይ በትንንሽ ፊደል ሮጦ አለፈ። እናትሽ ስሙን «ቁሚ! ቁሚ!» እያለች ጮኸችበት። ሜኖ ደግሞ የሚለው አያጣም፤ «እንዲያው ምኑን ነው የሠራችው?» አላት። «በሩን፣ ጠረጴዛውን፣ ግድግዳውን፣ በመስኮት የሚገባውን ብርሃን። የሷ ያልሆኑት ሰዎቹ ብቻ ናቸው» አለችው።

እንግዲህ ነይ። ስልክ ደውዬልሽ ነበር፤ አንዲት ልጅ «ስቱዲዮ ውስጥ ናት» ብላ ዘጋችብኝ። እኔም የስልክ ሰው አይደለሁም። ይኸው ጻፍኩ።

የምትወድሽ
ጌሼ


ሙኒክ፣ ኦክቶበር 30 ቀን 1983

ውድ ጌሼ፣

ሰላምታዬ ባለሽበት ይድረስሽ፤ ለሜኖም፣ ለእናቴም። መልሴ ስለዘገየ ይቅርታ አድርጊልኝ።

እናቴን ከወደቀችበት ስላነሳሻት እግዜር ይስጥልኝ። ደብዳቤሽን አንብቤ ወንበር ላይ ተቀመጥኩ፤ ከዚያ ተነስቼ ስብሰባ ገባሁ።

ትልቅ ሥራ ተሰጥቶኛል። የኔን የሥራ ዘመን ታውቂዋለሽ። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ቀለም ቀቢ ሆኜ ገባሁ፤ ጣውላ ላይ እብነ በረድ እየሳልኩ ዓመታት ቆጠርኩ። ከዚያ ረዳት ሆንኩና በተራራ ላይ ለሚዋደዱ ሰዎች የእንጨት ጎጆ ሠራሁ። በራሴ ስም መሥራት ከጀመርኩ ወዲህ ደግሞ ፖሊስ ጣቢያ፣ ፖሊስ ጣቢያ፣ አሁንም ፖሊስ ጣቢያ። ይኼኛው ሌላ ነው። አንድ ቤት ነው፣ አንድ ክረምት። ዳይሬክተሩ ብሬናይስ ይባላል፤ ሲቀጥረኝ «ግድግዳው ካልተነፈሰ ፊልም የለኝም» አለኝ። እንዲህ ያለ ሥራ ለእኔ ሁለተኛ አይመጣም። ከገና በፊት ከዚህ መንቀሳቀስ አልችልም።

አንድ ነገር ግን ጻፊልኝ። ያለችበትን ክፍል «አታውቂውም» ብለሽኛልና ንገሪኝ። አልጋው በየት በኩል ነው? መስኮቱ ወዴት ያያል? ከሰዓት በኋላ ብርሃኑ ምን ላይ ያርፋል? በእጇ አቅራቢያ ምን ምን አለ? አንዱንም አትተይ። አጠገቧ ያለሁ ያህል እንዲሰማኝ ነው።

እግዚአብሔር ይጠብቃችሁ።
ኦካ


ኦስተርዚል፣ ኖቬምበር 20 ቀን 1983

ለተወደድሽው ኦካ፣

የኅዳሩ ማዕበል መጥቶ ሄዷል፤ ግድቡም እኛም አልተነካንም፤ የጠበቀን ይመስገን። አንቺንም በቤትሽ ይጠብቅሽ፤ መውጫ መግቢያሽን ያሳምርልሽ።

ደብዳቤሽ የደረሰ ዕለት አልጋዋ አጠገብ ቁጭ ብዬ «አክስቴ፣ ኦካ ጽፋለች» አልኳት። «ምን ትላለች?» አነበብኩላት። ዓይኗን ጨፍና ሰማችኝ። «ድገሚው» አለች። ደገምኩላት። «አሁን ጥያቄዎቹን ብቻ» አለች። ጥያቄዎቹን ብቻ አነበብኩላት። ከዚያ ዓይኗን ገልጣ፣ ገና ዛሬ እንደገባች ሰው ክፍሉን ዙሪያውን ቃኘችና «ያንን መጋረጃ አውርጂው» አለችኝ።

«ምን አደረገሽ? አዲስ እኮ ነው።»

«አዲስ ስለሆነ ነው። ነጩን የተልባ እግር መጋረጃ ከቤቴ አምጪ።»

አመጣሁት። አርጅቶ ብርሃን ያሳልፋል። ሰቅዬ ሳልጨርስ «አልጋውን አዙሩት» አለች። ሜኖን ጠራሁት። «ሴትዮዋ ጀልባ ላይ ያለች መሰላት እንዴ?» እያለ አዞረላት። በዚህም አልበቃትም፤ በማግስቱ «ያንን ኮሞዲኖ ከዚህ አንሺልኝ፣ ይጋርደኛል» አለች።

«ከማን ነው የሚጋርድሽ?»

«ከመጣ ሰው።»

ገባኝ። አንቺ ስትመጪ ፊቷን ከበሩ ጀምሮ እንድታዪው ነው። ሜኖ ባሕር ወርዶ ስለነበር ኮሞዲኖውን ብቻዬን ጎተትኩት፤ ጀርባዬ ከዚያን ቀን ወዲህ የኔ አይደለም።

እንግዲህ የጠየቅሽው ይኸው። መስኮቱ ወደ ግድቡ ያያል። ውኃው ሲሞላ የጀልባዎቹ ምሰሶዎች ጫፋቸው ብቻ ከግድቡ በላይ ሲሄድ ይታያል፤ እነሱን ስትከተል ትውላለች። የከሰዓቱ ብርሃን በስተግራ ገብቶ መጀመሪያ ትራሱ ላይ፣ ከዚያ ጉንጯ ላይ ያርፋል፤ አልጋው ሳይዞር ግን ወለሉን ብቻ ነበር የሚያሞቀው። የግድግዳው ወረቀት አረንጓዴ መስመር ያለው ነው፤ በመስመሮቹ መሃል ቡናማ ትንንሽ አበባ አለ፤ ከመስኮቱ በታች ያለው ጥግ ረጥቦ ተላቅቋል። አጠገቧ መምጠጫ ጡት ያለው የሻይ ኩባያ፣ የድንጋይ ስኳር በሰሐን፣ መነጽሯ። ከአልጋው ራስጌ አንድ የእንጨት ወንበር አለ፤ እኔ ነኝ የምቀመጥበት። ብቻዋን ልተዋት ስለማልችል ሜኖ ከባሕር የሚያመጣውን ሽሪምፕ ቅርፊቱን እዚያው ቁጭ ብዬ እልጣለሁ፤ ክፍሉ ባሕር ባሕር ይሸታል። እሷ «ልክ ነው፣ ይሽተት» ትላለች።

ቶሎ ነይ። ሁሉም ተዘጋጅቶልሻል።

ጌሼ


ሙኒክ፣ ዲሴምበር 11 ቀን 1983

ውድ ጌሼ፣

ሰላም ለሁላችሁ ይሁን።

ደብዳቤሽን ደግሜ ደጋግሜ አነበብኩት። በጣም ጥሩ አድርገሽ ነው የጻፍሽው። ጥቂት ነገር ብቻ ቀርቶኛል። የግድግዳው ወረቀት አረንጓዴው ምን ዓይነት ነው? የሣር ነው ወይስ የጠርሙስ? መስመሩ ምን ያህል ይሰፋል? ከተላቀቀው ጥግ ቁራጭ ብትልኪልኝ ይሻላል። የኩባያው ጡት ወደ የትኛው ወገን ነው የሚዞረው? ወንበሩ መደገፊያ አለው? በሩ ሲከፈት ይጮኻል? ሽታው አያስፈልገኝም።

ለገና መምጣት አልቻልኩም። ቀረጻው በጃንዋሪ መጨረሻ ይጀመራል፤ አናጺው አሎይስ «ይኼን ግድግዳ ተነቃይ ላድርገው ወይስ ልቸንክረው?» እያለ ራሴ ላይ ቆሟል። ከዚያ በኋላ እመጣለሁ።

የወረቀቱን ቁራጭ እባክሽ በቶሎ።

ኦካ


ኦስተርዚል፣ ጃንዋሪ 15 ቀን 1984

ኦካ፣

አዲሱን ዓመት የሰላም ያድርግልሽ። ሰሞኑን እጄ ስላልተፈታ ነው የዘገየሁት።

ወረቀቱን በፖስታው ውስጥ አስገብቼዋለሁ። በቢላ ስፍቀው ሜኖ በር ላይ ቆሞ «ደግሞ ግድግዳችንን በፖስታ ትወስደው ጀመር?» አለ። የሣር አረንጓዴ ነው፣ ግን የደረቀ ሣር። ወንበሩ መደገፊያ አለው። በሩ ይጮኻል።

እናትሽ ምግብ አልወስድ ብላለች። ጥቁር ዳቦ በሻይ አርሼ ስሰጣት ሁለቴ ጎርሳ ፊቷን ታዞራለች። ፓስተሩ መጥቶ ጸለየላት፤ ሲጨርስ «አሜን። አሁን ከብርሃኔ ላይ ዞር በል» አለችው። ቀኝ እጇ ብቻ ነው የሚንቀሳቀሰው፤ በእሱ አንሶላውን ታስተካክላለች፤ ዘንፎ ካየችው አትተኛም።

ትናንት «ኦካ ዘንድ ልደውል?» አልኳት። «ተያት፣ እጇ ሥራ ይዟል» አለችኝ። እኔ ግን አልተውሽም። ስለ በር ትጠይቂያለሽ፣ ስለ ኩባያ ትጠይቂያለሽ፤ ምን ትበላለች፣ ምን ያማታል ብለሽ አልጠየቅሽኝም። ምናልባት በከተማ የሰው ጤና የሚጠየቀው እንዲህ ይሆናል፤ እኔ አላውቅም። ብቻ ነይ። ዶክተር ኩፐርስ ጓሮ ድረስ ወስዶኝ «ልጇን ጥሯት» ብሎኛል። ከዚህ በላይ እንዴት አድርጌ ልንገርሽ?

ጌሼ


ኦስተርዚል፣ ፌብሩዋሪ 19 ቀን 1984

ኦካ፣

እግዚአብሔር ያጽናሽ።

ስልክ የደወልኩት ረቡዕ ከቀትር በፊት ነው። ያነሳው የስቱዲዮው በር ጠባቂ ነበር። «ቀይ መብራት በርቷል፣ እየቀረጹ ስለሆነ አልገባም» አለኝ። «እናቷ ሞተዋል በልልኝ» አልኩት። «መብራቱ ሲጠፋ እነግራታለሁ» አለ። ደህና ሰው ይመስላል።

ውኃው ሲሸሽ ነው የሄደችው፤ የኛ ሰዎች ሁሉ እንዲሁ ናቸው። አልተጨነቀችም። ጠዋት ፀጉሯን አበጥሪኝ ብላ አበጠርኳት፤ ሽሪምፕ እየላጥኩ ሳለ ቀና ብል ትንፋሿ የለም። እጄን ሳልታጠብ ዓይኗን ከደንኩት። በዚህ ነው የማዝነው፤ በእጄ።

ቅዳሜ ቀበርናት። ግድቡ ድረስ ሰው ነበር። ከቀብር መልስ ሻይ ጠጣን፤ ሁሉም «ኦካስ?» ይለኛል። «መንገድ ላይ ናት» አልኳቸው። ቪብከ፣ ጎረቤታችን፣ ከመሸም በኋላ ሳትሄድ ቀርታ «አሁንም መንገድ ላይ ናት?» አለችኝ። «በረዶ ይዟት ይሆናል» አልኳት። በረዶ አልነበረም።

የላክሽው የአበባ ጉንጉን ደርሷል። ትልቅ ነው። «ከልጅሽ» የሚለው ጥብጣብ ነፋስ እንዳይወስደው ድንጋይ ጫንኩበት።

ጌሼ


ሙኒክ፣ ኤፕሪል 22 ቀን 1984

ጌሼ፣

ሁለት ወር ስላልጻፍኩልሽ ሰበብ አልፈጥርም። ወረቀት ፊቴ አድርጌ ተቀምጫለሁ፤ የሚጻፍ ነገር አልመጣም።

የሆነውን ልንገርሽ። መልእክቱ ሲመጣ መሰላል ላይ ነበርኩ፤ መጋረጃ እሰቅል ነበር። ጠባቂው ብጣሽ ወረቀት ወደ ላይ አቀበለኝ። አነበብኩት፣ ኪሴ ከተትኩት። አሎይስ ከታች ሆኖ «ትንሽ ወደ ግራ» አለኝ። ወደ ግራ አደረግኩት። «አሁን ልክ ሆነ» አለ። ከመሰላሉ ወረድኩ። ምሳ ሰዓት ሲደርስ ድንች በላሁ፤ ድንች መሆኑን አስታውሳለሁ።

ለቀብሩ ትኬት ቆርጬ ነበር። ጣቢያ ሄጄ የባቡሩ በር አጠገብ ሻንጣዬን አስቀምጬ ቆምኩ። በሩ ተዘጋ፣ ባቡሩ ሄደ፤ እኔ ቆሜያለሁ። የጥርስ ሐኪም ማደንዘዣ ከወጋሽ በኋላ ከንፈርሽን ስትነኪው የሌላ ሰው ከንፈር ይመስልሽ የለ? እኔ መላ አካሌ እንደዚያ ነው። እስካሁን አላለቀስኩም። ይህን የምጽፍልሽ እንድታዝኚልኝ አይደለም፤ ጠይቀሽኝ ቢሆን ኖሮ የምመልስልሽ ይህንን ስለሆነ ነው።

ቀረጻው አልቋል፤ ቤቱን አፈረስነው። አሎይስ ጣውላውን ለሌላ ፊልም ፖሊስ ጣቢያ ወስዶታል።

ኦካ


ሙኒክ፣ ኖቬምበር 4 ቀን 1984

ውድ ጌሼ፣

ሰላም ለአንቺ፣ ሰላም ለሜኖ። መልስ ስላላገኘሁ ደብዳቤዬ ጠፍቶ እንደሆነ ብዬ ነው። የመቃብሯን ፎቶግራፍ ብትልኪልኝ ደስ ይለኛል።

ፊልሙ በዚህ ወር ይወጣል። ሙኒክና በርሊን ነው የሚታየው፤ እናንተ አካባቢ የሚደርስ አይመስለኝም። ቢደርስም የእናንተ ዓይነት ፊልም አይደለም፤ ዝግ ያለ ነው፣ ሰው ይሰለቸዋል። ለእሱ ብላችሁ በመንገድ አትድከሙ።

ኦካ


ኦስተርዚል፣ ፌብሩዋሪ 24 ቀን 1985

ኦካ፣

የሰላምታውን ወግ ዛሬ ትቼዋለሁ፤ ከእጄ አልወጣ ብሎኛል።

ፊልምሽ ኤምደን መጣ። የሰማችው ቪብከ ናት፤ «የታሌያ ልጅ ፊልም!» ብላ ሰፈሩን አዳረሰችው። እኔ፣ ሜኖና እሷ ሄድን። ሜኖ ሸሚዝ ለበሰ፤ ከሠርጋችን ወዲህ ሁለተኛው መሰለኝ።

መብራቱ ጠፋ። አንዲት በር ተከፈተች፤ ጮኸች። ከዚያ ያ ክፍል መጣ። ሜኖ ሲኒማ ቤት መሆኑን ረስቶ «ጌሼ! የኛ ግድግዳ!» ብሎ ጮኸ። ሰው ሁሉ «እሽሽ!» አለው። ቪብከ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ «መቼ መጥታ አየችው?» አለችኝ። ምን ልበላት? መጋረጃው፣ ኩባያው፣ የረጠበው ጥግ፣ ከግድቡ በላይ የሚሄዱት ምሰሶዎች። እኔ የጻፍኩልሽ ሁሉ አለ። በደከመ እጄ፣ ለልጇ ብዬ የጻፍኩልሽን ለሕዝብ ሸጥሽው። «አጠገቧ ያለሁ ያህል እንዲሰማኝ» ነበር ያልሽኝ።

ተዋናይቱ ስትሞት ሰው አለቀሰ፤ ቪብከ የኔን መሐረብ ጨምራ ጨረሰች። እኔ አላለቀስኩም። እኔ ሳየው የነበረው ራስጌው አጠገብ ያለውን ወንበር ነው። ባዶ ነበር። መጀመሪያም ባዶ፣ መጨረሻም ባዶ። ያቺ ሴትዮ ክረምቱን ሙሉ ብቻዋን ነው የተኛችው። እዚያ ወንበር ላይ የተቀመጥኩት እኔ ነኝ፣ ኦካ። ጽፌልሽ ነበር።

አሁን ደግሞ ያልጻፍኩልሽን ስሚ። ያኔ የሕመም ቅዠት መስሎኝ ነው የተውኩት። የወረቀቱን ቁራጭ ልልክልሽ የፋቅኩ ዕለት እናትሽን «አይዞሽ፣ ከቀረጻው በኋላ እመጣለሁ ብላለች» አልኳት። «አትመጣም» አለችኝ። «ትመጣለች አልኩሽ» ብላት ከንፈሯን ወደ ደህናው ወገን ስባ ሳቀችና «አንቺ ሞኝ፤ እሷ አይደለችም የምትመጣው። ክፍሉ ነው የሚሄደው» አለች። ትኩሳት ነው ብዬ ግንባሯን ዳበስኩ። ቀዝቃዛ ነበር።

ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ነው የገባኝ። ከመጀመሪያው ደብዳቤሽ ጀምሮ ታውቅ ነበር። «ጥያቄዎቹን ብቻ አንብቢልኝ» ያለችኝ ለዚህ ነው። መጋረጃውን ያስወረደችኝ፣ አልጋውን ያስዞረችን፣ ፓስተሩን ከብርሃኗ ያባረረችው፣ አንሶላው ሲዘንፍ እንቅልፍ ያጣችው፣ እንግዳ ይመጣል ብላ አልነበረም። ሥራሽን ልትሠራልሽ ነበር። እናትና ልጅ ተጠቃቅሳችሁ፣ አንቺ ከዚያ እሷ ከዚህ ሆናችሁ ቤት ስትሠሩ፣ በመሃል እኔ ሞኟ ጀርባዬን ሰብሬ ኮሞዲኖ እጎትታለሁ!

ተናድጃለሁ። በማናችሁ እንደሆነ ግን እስካሁን አልለየልኝም። የሞተችውን መቆጣት አይቻልም፤ አንቺ ደግሞ ሩቅ ነሽ።

የመቃብሩን ፎቶግራፍ አልልክልሽም። እሱንም እንዳትሠሪው።

ጌሼ


ሙኒክ፣ ማርች 17 ቀን 1985

እህቴ ጌሼ፣

ሰላም ላንቺ ይሁን። ባትመልሽልኝም ይሁን።

የጻፍሽው ሁሉ እውነት ነው። ብሬናይስ ሥራውን ሲሰጠኝ ታሪኩ አንዲት አሮጊት ክረምቱን ሙሉ አንድ ክፍል ውስጥ ሆና የምትሞትበት መሆኑን አውቅ ነበር። ደብዳቤሽ በኪሴ ነበር። ሁለቱን ለየብቻ አስቀምጣቸዋለሁ ብዬ ነበር፤ አልሆነም። የማልዋሽሽ ግን፣ እጄ አጠገቧ መሆንን የሚያውቀው በዚህ ብቻ ነው። ቀለም ስበጠብጥ፣ መስመሩን ስለካ፣ ከእሷ ጋር ነበርኩ። ከእንግዲህ ይቅርታ ብልሽ ቃሉ ያንሳል።

አንድ ነገር ልንገርሽ። በመጀመሪያው የቀረጻ ቀን ካሜራ አንሺው ክፍሉን ዞሮ አይቶ «አልጋውን እንዲህ ማን አዞረው? ብርሃኑ ራሱ መጥቶ ፊቷ ላይ ይተኛል፤ እኔ ምንም የምሠራው የለኝም» አለ። «እኔ» አልኩት። ባለፈው ሳምንት የዓመቱን የፊልም መቼት ሥራ ሽልማት ሰጡኝ። ዳኞቹ ያመሰገኑት ያንኑ የአልጋውን አዟዟር ነው። ወጥቼ አመሰግናለሁ አልኩና ወረድኩ። ደብዳቤሽ ደርሶኝ ነበር፤ የማን ሥራ እንደሆነ አውቄ ነው የወጣሁት። ስሟን ልጠራ አፌን ከፈትኩ፤ አፌ የሌላ ሰው ነበር።

ከዚያ በኋላ አለቀስኩ ልልሽ እወድ ነበር። አላለቀስኩም። አዲስ ሥራ አምጥተውልኛል፣ ደህና ነው ይላሉ፤ አንድ ቤተሰብ ማዕድ ላይ የሚቀመጥበት ቤት ነው። ልነድፈው ተቀመጥኩ። ጠረጴዛውን ሳልኩት። ወንበሮቹን መሳል ስጀምር ተነሳሁና ሰዎቹ ዘንድ ደውዬ ሌላ ሰው ፈልጉ አልኳቸው። በሃያ ሰባት ዓመት ውስጥ ሥራ ስመልስ ይህ የመጀመሪያዬ ነው።

ደብዳቤዎችሽን አውጥቼ እንደገና አነበብኳቸው፤ በዚህ ጊዜ ለክፍሉ አይደለም። ኮሞዲኖ ጎትተሻል። እጅሽን ሳትታጠቢ ዓይኗን ከድነሻል። ስለ እኔ ለጎረቤት ዋሽተሻል። አንድም ቀን አንቺ እንዴት ነሽ ብዬ አልጠየቅሁም። ጌሼ፣ ጀርባሽ እንዴት ነው? እንቅልፍ ትተኛለሽ? ሜኖ ይረዳሻል ወይስ ይቀልዳል ብቻ? ከእሷ በኋላ ያ ቤት ለአንቺ እንዴት ሆነ?

በመጪው ሐሙስ በከሰዓቱ ባቡር ኤምደን እደርሳለሁ። አሁን እንኳ በሩ ሲዘጋ ቆሜ እንዳልቀር እፈራለሁ፤ ስለዚህ አሎይስን ጣቢያ ድረስ እንዲሸኘኝ ለምኜዋለሁ። «ሰው ተሳፈር እያልኩ ገፍቼ አላውቅም፣ ግን እገፋሻለሁ» ብሎኛል። ካልፈለግሽኝ አትክፈቺልኝ፤ ደጃፉ ላይ ትንሽ ተቀምጬ እመለሳለሁ።

ኦካ


ኦስተርዚል፣ ማርች 19 ቀን 1985

ኦካ፣

ሰላም ላንቺም ይሁን።

በፈጣኑ ፖስታ ነው የላኩት፣ ሳትሳፈሪ እንዲደርስሽ። በራችን ተቆልፎ አያውቅም፤ ደጃፍ ላይ መቀመጥ ምን ያስፈልጋል፤ ቪብከ ታይሽና ለወር ወሬ ታገኛለች። ጣቢያ ሜኖ ይቀበልሻል። መንገድ ሙሉ አንድ ቃል ላይተነፍስ ይችላል፤ ቂም ይዞ ነው ብለሽ እንዳታስቢ፣ ድሮም እንደዚያው ነው።

ጀርባዬን ያመኛል። እንቅልፍ አልተኛም። ቤቱ ጭር ብሏል፣ ሽሪምፑንም ወደ ወጥ ቤት መልሼዋለሁ። ጠይቀሽኛልና መለስኩልሽ።

የምትተኚው እዚያው ክፍል ነው፤ ሌላ ክፍል የለንም። ጫማሽን ደጅ አውልቂ፣ ወለሉን ወልውዬዋለሁ።

ጌሼ